ሜዳ ጠባቂው ሻምፒዮን፦ ቶም ሞሪስ (1821–1908)

ቶም ሞሪስ በስኮትላንድ ምሥራቃዊ ጠረፍ በምትገኘው በሴንት አንድሩስ ከተማ በ1821 ተወለደ (ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። በዚያን ዘመን የጎልፍ ባለሙያ ማለት ኳስ የሚሠራ፣ የጌቶችን መምቻ ተሸክሞ የሚከተል፣ ሲያስፈልግም በውርርድ የሚጫወት የእጅ ሠራተኛ ማለት ነበር። ሞሪስም ገና በልጅነቱ በከተማው ስመ ጥር ለነበረው ተጫዋችና ኳስ ሠሪ፣ ለአላን ሮበርትሰን፣ ተቀጥሮ ሙያውን ተማረ።

ኳሱ የሚሠራው ከቆዳና ከላባ ነበር። በተሰፋው እርጥብ ቆዳ ውስጥ በፈላ ውሃ የለሰለሰ የዝይ ላባ እየተጠቀጠቀ ይሞላል፤ ሲደርቅ ላባው ይነፋል፣ ቆዳው ይኮማተራል፤ በሁለቱ ግፊትም ኳሱ ይጠነክራል። ዳሩ ግን ጎበዝ የተባለ ሠራተኛ እንኳ በቀን የሚያወጣው ጥቂት ኳስ ስለ ነበረ ዋጋው ውድ ነው፤ ዝናብ ሲነካውም ስፌቱ ይለቃል። በ1848 ግድም ጉታ ፐርቻ ከሚባል የሩቅ ምሥራቅ ዛፍ ሙጫ የሚሠራ ኳስ ብቅ አለ። ይህ ሙጫ በሙቅ ውሃ ለስልሶ ይድቦለቦላል፣ ሲቀዘቅዝ ይጠነክራል፣ ቢጎዳም እንደገና ይሠራል። ሮበርትሰን አዲሱን ኳስ የእንጀራው ጠላት አድርጎ ቆጠረው። ሞሪስ በዚያው ኳስ ሲጫወት በመታየቱም ጌታና ሠራተኛ ተጣልተው ተለያዩ።

ሞሪስ በ1851 ቤተ ሰቡን ይዞ ወደ ምዕራቡ ጠረፍ፣ ወደ ፕሬስትዊክ፣ ሄደና በሜዳ ጠባቂነት ተቀጠረ፤ በአሸዋ ጉብታዎች መካከልም 12 ቀዳዳ ያለው ሜዳ ቀየሰ። ሮበርትሰን በ1859 ሲሞት ተተኪውን ቀዳሚ ተጫዋች ለመለየት ውድድር አስፈለገ፤ የመጀመሪያው ኦፕን ሻምፒዮናም በ1860 በዚሁ ሜዳ ተደረገ። ከስምንቱ ተወዳዳሪዎች ሞሪስ በሁለት ምት ብቻ በዊሊ ፓርክ ተቀደመ። በ1861፣ በ1862፣ በ1864 እና በ1867 ግን አሸናፊው እርሱ ሆነ። በመጨረሻው ድሉ ጊዜ ዕድሜው 46 ነበር፤ በዚያ ዕድሜ ኦፕንን ያሸነፈ ሌላ ሰው እስከ ዛሬ አልተገኘም።

ከዚያ በኋላ ተራው የልጁ የወጣቱ ቶም ሆነ። ልጁ ከ1868 እስከ 1870 በተከታታይ አሸንፎ የሽልማቱን ቀበቶ የግሉ አደረገ። በመስከረም 1875 አባትና ልጅ በኖርዝ ቤሪክ ሲጫወቱ የልጁ ሚስት በምጥ መጨነቋን የሚገልጽ ቴሌግራም ደረሰ፤ ባሕሩን በጀልባ ተሻግረው ቢቸኩሉም እናትና ሕፃን በሕይወት አልቆዩአቸውም። ወጣቱ ቶምም በዚያው ዓመት በፈረንጆች ገና ቀን በ24 ዓመቱ አረፈ። አባትየው ከዚህ ኀዘን በኋላ ከ30 ዓመት በላይ ኖረ፤ አብዛኛውንም ዘመን ያሳለፈው በሥራ ላይ ነው።

ሥራውም የሜዳ ጥገና ነበር። በ1860ዎቹ አጋማሽ በዓመት 50 ፓውንድ ተቆርጦለት ወደ ሴንት አንድሩስ ተመልሶ እስከ 1903 አገለገለ። ሣሩን በአሸዋ እየሸፈነ ወጣ ገባውን ሞላ፣ የውሃውን ፍሳሽ አሻሻለ። ዳራቸው እየፈረሰ የሚሰፉትን ቀዳዳዎች ከውስጥ በብረት ቱቦ ደገፈ። የመነሻውን ምት ከቀዳዳው አጠገብ ማድረግ ሣሩን ስለሚጎዳ፣ መነሻው ለብቻው ተለይቶ እንዲዘጋጅ አደረገ። እሑድ እሑድ ሜዳው እንዲያርፍም አጥብቆ ይጠብቅ ነበር። ሙያውን የሚፈልጉ ማኅበሮች እየጠሩት በዶርኖክ፣ በሚዩርፊልድ፣ በአየርላንድም በካውንቲ ዳውን ሜዳዎችን ቀየሰ።

በ1908 ከአንድ ክበብ ደረጃ ላይ ወድቆ በ86 ዓመቱ ሞተ፤ በሴንት አንድሩስ ካቴድራል ቅጥር ግቢ ከልጁ አጠገብ ተቀበረ። የከተማው አሮጌ ሜዳ 18ኛ ቀዳዳ በስሙ ይጠራል። ሕዝብ ሞሪስን የሚያስታውሰው በአራቱ ድሎቹ ቢሆንም፣ ደመወዝ የተከፈለው ግን ሌሎች የሚረግጡትን መሬት በየቀኑ ስለ ጠገነ ነው። የአሸዋ አለባበሱ ዛሬም በጎልፍ ሜዳዎች ሁሉ የተለመደ ሥራ ሲሆን፣ አሮጌው ሜዳም እሑድ እሑድ ለጨዋታ ዝግ እንደ ሆነ ነው።