ልዑል ራስ እምሩ፤ ከደሴ አስተዳዳሪነት እስከ ዋሽንግተን አምባሳደርነት

ደሴ ከንጉሥ ሚካኤል ዘመን ጀምሮ የወሎ መቀመጫ በመሆኗ ብዙ ገዥዎችን አስተናግዳለች። ሹመኛ መጣ፣ ሹመኛ ሄደ ቢባል ለነዋሪዋ አዲስ ነገር አልነበረም። ከእነዚህ ሹማምንት መካከል ታሪካቸው ለአርሶ አደሩ በተለየ ሁኔታ የሚቀርበው ልዑል ራስ እምሩ ኃይለ ሥላሴ ናቸው።

ልዑል ራስ እምሩ በኅዳር ወር 1885 ዓ.ም በሐረርጌ፣ ጉርሱም ተወለዱ። የአፄ ኃይለ ሥላሴ የቅርብ ዘመድ ሲሆኑ ሐረር ላይ አብረው አድገው አብረው ተምረዋል። ይህ ዝምድና የሹመት በር እንደከፈተላቸው መካድ አይቻልም። ከብዙዎቹ የሚለያቸው ያገኙትን ሀብትና ሥልጣን ምን እንዳደረጉበት ነው።

በሐረር ካገለገሉ በኋላ በ1920ዎቹ መጀመሪያ በደጃዝማችነት ወሎን እንዲያስተዳድሩ ወደ ደሴ ተላኩ። ጊዜው ለክፍለ ሀገሩ የጭንቅ ነበር። በሰሜን በኩል ራስ ጉግሣ ወሌ ከማዕከላዊው መንግሥት ጋር ተጣልተው መጋቢት 1922 ዓ.ም በአንቺም ጦርነት ወደቁ። ሠራዊት በሚያልፍበት አገር ደግሞ ስንቁን የሚያወጣው ገበሬው ነው። ከደሴ ደጋ እስከ ኮምቦልቻ ወይና ደጋ ያለው ገባር አስራት ከፍሎ፣ የሹም እርሻ አርሶ፣ እህሉን በራሱ አህያ አጓጉዞ የሚተርፈው ጥቂት ነበር።

ከወሎ በኋላ በራስነት ማዕረግ ጎጃምን አስተዳደሩ። ፋሺስት ኢጣሊያ ሲወርም የጎጃምን ጦር ይዘው ወደ ሽሬ ዘመቱ። ቀድሞ ያስተዳደሯት ደሴ ኅዳር 26 ቀን 1928 ዓ.ም በአውሮፕላን ስትደበደብ እሳቸው በተከዜ በኩል ነበሩ። በታኅሣሥ ወር ደምበጓና ላይ ጠላትን ድል አድርገው ታንኮቹን ማረኩ፤ በየካቲት ግን በቦምብና በመርዝ ጋዝ ተሸነፉ። ንጉሠ ነገሥቱ ከአገር ሲወጡ እንደራሴ ሆነው ጎሬ ገቡ፤ በታኅሣሥ 1929 ዓ.ም ጎጀብ ወንዝ አጠገብ ተከበው ተማረኩ። በግዞት የተወሰዱት ፖንዛ ወደምትባል የኢጣሊያ ደሴት ነበር። የሚገርመው፣ ሙሶሊኒም በ1935 ዓ.ም ከሥልጣን ሲወርድ ለጥቂት ቀናት የታሰረው በዚያችው ደሴት ነው።

ከነፃነት በኋላ እ.ኤ.አ ከ1946 እስከ 1953 በዋሽንግተን አገራቸውን ወከሉ። መስከረም 1941 ዓ.ም ፕሬዚዳንት ትሩማን ንግግር በሚያደርጉበት የሳይንስ ጉባኤ፣ በዲፕሎማቶች ስፍራ ተቀምጠው ሳለ ለጥቁሮች ወደተለየው ቦታ እንዲሄዱ ተጠየቁ። አልሄዱም፤ አዳራሹን ጥለው ወጡ። ኢትዮጵያ ተቃውሞዋን አቀረበች፣ የአሜሪካ መንግሥትም ይቅርታ ጠየቀ። በኋላም በሕንድና በሶቪየት ኅብረት አምባሳደር ሆነው ሠርተዋል።

ለገበሬው ግን ከአምባሳደርነታቸው የሚበልጥ ሥራ ሠርተዋል። በዘመኑ ጭሰኛው የምርቱን ሲሶ፣ አንዳንዴም እኩሌታ ለባለመሬት ይሰጥ ነበር። ይህን የሚያሻሽል የሕግ ረቂቅ ለፓርላማ ቢቀርብም ባለመሬቶቹ በበዙበት ምክር ቤት ሳይጸድቅ ቀረ። ልዑል ራስ እምሩ ሕጉን አልጠበቁም፤ የራሳቸውን መሬት ለጭሰኞቻቸው አከፋፈሉ። በዚህም ምክንያት ቀዩ ራስ የሚል ቅጽል ወጣላቸው። የታኅሣሥ 1953 ዓ.ም መፈንቅለ መንግሥት መሪዎች ጠቅላይ ሚኒስትር ብለው ስማቸውን ያወጁትም በሕዝብ ዘንድ በነበራቸው ክብር ነው። ሙከራው ሲከሽፍ አልተቀጡም።

የገጠር መሬት የሕዝብ እንዲሆን የታወጀው የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም ነው፤ እሳቸው መሬታቸውን ከሰጡ ከብዙ ዓመታት በኋላ መሆኑ ነው። ልጃቸው ልጅ ሚካኤል እምሩ በለውጡ ዋዜማ ለጥቂት ሳምንታት ጠቅላይ ሚኒስትር ነበሩ። ብዙ መኳንንትን የገደለው ደርግ ልዑል ራስ እምሩን አልነካቸውም። ነሐሴ 1972 ዓ.ም አዲስ አበባ ላይ ሲያርፉም በመንግሥት ደረጃ በክብር አስቀበራቸው።