ከንቲባ ገብሩ ደስታ

ሰው ስለ ራሱ ተናግሮ ቢሳሳት ጉዳቱ ለራሱ ነው። ስለ አገር የሚናገር ሰው ግን ቢሳሳት ጉዳቱ በዚያ ቦታ ላልተገኙት፥ ነገሩንም ላልሰሙት ብዙዎች ይደርሳል። ስለዚህ ለሌላው አፍ መሆን ክብሩ ትልቅ ሲሆን ሸክሙ ከክብሩ ይልቅ ይበልጣል። ከንቲባ ገብሩ ደስታ ረዥም ዕድሜያቸውን ያሳለፉት ይህን ሸክም ተሸክመው ነው።

ከንቲባ ገብሩ በ1847 ዓ.ም. ገደማ ከጎንደር ወገን በአለፋ ተወለዱ፤ በልጅነታቸውም ጎባው ይባሉ ነበር። በዚያው በ1847 ዓ.ም. ደጃዝማች ካሳ በሰሜን በደረስጌ ማርያም ቴዎድሮስ ተብለው ነገሡ። ሕፃኑም ያደገው የጎንደር ክብር በሚቀንስበት ዘመን ነው። ዐፄ ፋሲል በ1628 ዓ.ም. የቈረቈሯት ከተማ በ1859 ዓ.ም. በዐፄ ቴዎድሮስ ሠራዊት ተዘረፈች፤ አብያተ ክርስቲያናቷም ተቃጠሉ። ከዚያም በ1880 ዓ.ም. ድርቡሾች ገብተው ዳግመኛ አቃጠሏት። ከአንድ ትውልድ ባነሰ ጊዜ ሁለት ጊዜ የተቃጠለች ከተማ ስለ እርስዋ የሚያስብና የሚናገር ሰው እጅግ ያስፈልጋት ነበር።

ገብሩ ገና በልጅነታቸው ከውጭ አገር በመጡ የወንጌል መልእክተኞች እጅ ትምህርት ጀመሩ። ኋላም ከአገራቸው ወጥተው በኢየሩሳሌም፥ ደግሞም በስዊስ አገር በባዝል ከተማ አጠገብ ባለው በቅዱስ ክሪስኮና ትምህርት ቤት ተማሩ። በዚያን ጊዜ ለአንድ የአለፋ ልጅ ባሕር ተሻግሮ መማር እጅግ ብርቅ ነበር። ጀርመንኛና እንግሊዝኛ አውቀው ሲመለሱ ዕውቀታቸው ለዐፄ ምኒልክ መንግሥት ጠቀመ፤ በአስተርጓሚነትም አገለገሉ። አስተርጓሚ ሥራው የሌላውን ቃል ሳይጨምርና ሳይቀንስ ማድረስ ነው። ለሌላው አፍ መሆንን ከዚህ የተሻለ የሚያስተምር ትምህርት ቤት አይገኝም።

ከዚህ በኋላ የጎንደር ከንቲባ ሆነው ተሾሙ። በዚያን ዘመን ከንቲባ ማለት የከተማው ሹም ነበር፤ ሕዝቡን ይዳኝ፥ ግብሩን ያስገባ፥ ገበያውን ይጠብቅ ነበር። ጎንደር ግን አንድ ወገን ብቻ የሚኖርባት ከተማ አልነበረችም። የጳጳሱ ሰዎች በአቡን ቤት፥ የእጨጌው ሰዎች በእጨጌ ቤት፥ ነጋዴዎቹ እስላሞች በእስላም ቤት፥ አንጥረኞችና ግንበኞች የሆኑት ቤተ እስራኤል ደግሞ በካይላ ሜዳ ይቀመጡ ነበር። እያንዳንዱ ወገን የራሱ ሥርዓት ነበረው። እንግዲህ በእንዲህ ያለች ከተማ የተሾመ ሰው የአንዱን ወገን ብቻ ሰምቶ ቢፈርድ የከተማው ከንቲባ መሆኑ ይቀርና የአንድ ሰፈር ሹም ይሆናል።

በ1911 ዓ.ም. ታላቁ የዓለም ጦርነት ካለቀ በኋላ፥ ኢትዮጵያ ድል ላደረጉት መንግሥታት ደስታዋን እንዲገልጹ መልእክተኞች ላከች። ወደ አሜሪካ የተላኩት ደጃዝማች ናደው፥ ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ፥ ከንቲባ ገብሩና አቶ ስንቄ ነበሩ። በዋሺንግቶንም ከፕሬዚዳንት ዊልሶን ጋር ተገናኙ። ከንቲባ ገብሩ በዚያ ጉዞ ላይ የሚጠሩት በጎንደር ሹመታቸው ነበር። እንዲህም ሆኖ ያች የተቃጠለች ከተማ ስሟ ከውቅያኖስ ማዶ ተሰማ።

ሐምሌ 9 ቀን 1923 ዓ.ም. ዐፄ ኃይለ ሥላሴ የመጀመሪያውን ሕገ መንግሥት ሰጡ፤ በዚያም ሁለት ምክር ቤቶች ተቋቋሙ። ከንቲባ ገብሩ ከሰባ ዓመት በላይ ሆኗቸው ሳለ በሕግ መወሰኛ ምክር ቤት ተቀመጡ። ዳሩ ግን በዚያን ጊዜ የዚህ ምክር ቤት አባሎች የሚሾሙት በንጉሠ ነገሥቱ ነበር። የሁለተኛው ምክር ቤት አባሎችም ቢሆኑ፥ ሕዝቡ ራሱ ለመምረጥ እስኪበቃ ድረስ፥ በመኳንንቱና በአገር ሹሞች ይመረጡ ነበር። አራሹም ነጋዴውም ድምፅ አልነበረውም። እንግዲህ ባልመረጠው ሕዝብ ስም የሚናገር ሰው በምን ይመዘናል? ሕዝቡ ሊሽረው አይችልም፤ ሊያመሰግነውም አይችልም። የሚቈጣጠረው ኅሊናው ብቻ ነው። ይህም ለደግ ሰው ከማናቸውም ዳኛ የከበደ ዳኛ ነው፤ ለክፉ ሰው ግን እንደሌለ ያህል ነው። ስለዚህ የሕዝብ ጉዳይ በሰው ደግነት ላይ ብቻ ተጥሎ ሊቀር አይገባውም ነበር።

ከንቲባ ገብሩ ሹመታቸውን ለልጆቻቸው ሊያወርሱ አልቻሉም፤ ትምህርትን ግን አወረሱ። ሴት ልጅን ወደ ውጭ አገር መላክ ባልተለመደበት ዘመን ሴቶች ልጆቻቸውን በስዊስ አገር አስተማሩ። ከእነርሱም አንዷ ስንዱ ገብሩ ነበረች። ስንዱ በጠላት ወረራ ጊዜ ተማርካ በኢጣልያ አገር በአዚናራ ደሴት ታሰረች፤ ከነጻነት በኋላ ደግሞ የእቴጌ መነን ትምህርት ቤትን መራች። ከንቲባ ገብሩ በ1942 ዓ.ም. አረፉ። በ1948 ዓ.ም. የተሻሻለው ሕገ መንግሥት ሕዝቡ እንደራሴዎቹን በድምፁ እንዲመርጥ ፈቀደ፤ በ1950 ዓ.ም. ገደማም ስንዱ ገብሩ በሕዝብ ድምፅ ተመርጣ ለምክር ቤት የበቃች የመጀመሪያዪቱ ኢትዮጵያዊት ሴት ሆነች። አባት በንጉሥ ቃል በተቀመጡበት ሸንጎ ልጅ በሕዝብ ቃል ገባች። አባቷ ግን ይህን ለማየት አልደረሱም።

እንደራሴ የሚለው ቃል ራሱ አስተማሪ ነው። ላኪው የላከውን ሰው እንደ ራሴ ነው ብሎ ያምነዋል ማለት ነውና። እንዲህ የታመነ ሰው፥ በንጉሥ ቢሾም ወይም በሕዝብ ቢመረጥ፥ በተቀመጠበት ወንበር ላይ ብቻውን እንዳልተቀመጠ ዘወትር ሊያስብ ይገባዋል።