አልፍሬድ ኢልግ፤ በውል የተጻፉና በምድር የቆሙ የባቡር ጣቢያዎች

ዳግማዊ ምኒልክ እ.ኤ.አ. ማርች 9 ቀን 1894 ለስዊሱ መሐንዲስ ለአልፍሬድ ኢልግ የሰጡት የምድር ባቡር ፈቃድ መስመሩን በሦስት ይከፍለዋል፤ ከጅቡቲ እስከ ሐረር፣ ከሐረር እስከ እንጦጦ፣ ከእንጦጦ እስከ ከፋና ነጭ ዓባይ። ፈቃዱ ለ99 ዓመት የሚጸና ነበር። ይሁን እንጂ በውሉ ከተጠቀሱት ከሐረር፣ ከእንጦጦና ከከፋ በአንዳቸውም ባቡር አልደረሰም። የኢትዮጵያ የባቡር ጣቢያዎች ለምን በቆሙበት ቦታ እንደቆሙ የሕንጻዎቹ ቅርጽ ብቻውን አይናገርም። የፈቃዱ ባለቤት ሕይወት ግን ብዙውን ያስረዳል።

ኢልግ እ.ኤ.አ. በ1854 በስዊዘርላንድ ፍራውንፌልድ ከተማ ተወለደ። በዙሪክ ፖሊቴክኒክ ምሕንድስና ተምሮ ሲጨርስ ገና የሸዋ ንጉሥ የነበሩት ምኒልክ ባለሙያ ይፈልጉ ስለነበር፣ እ.ኤ.አ. በ1879 አንኮበር ገባ። በአዋሽ ወንዝ ላይ ድልድይ ሠራ፤ በኋላም ወደ ቤተ መንግሥቱ ውኃ በቧንቧ አወረደ። የባቡሩ ሐሳብ የመጣው ከእነዚህ ሥራዎች ጋር ነው። ሸቀጥ ከባሕር ጠረፍ ወደ ሸዋ የሚደርሰው በግመልና በበቅሎ፣ ለሳምንታት ተጉዞ ነበርና ጥቅሙን ለንጉሡ ማስረዳት አዳጋች አልነበረም። አዳጋቹ ገንዘቡ ነበር።

ኢልግ ከፈረንሳዊው ነጋዴ ከሊዮን ሸፍኔ ጋር ሆኖ እ.ኤ.አ. በ1896 ኩባንያውን አቋቋመ። በዓመቱ ሥራው በጅቡቲ ተጀመረ፤ በዚያው በ1897 ኢልግ የመንግሥት አማካሪነት ማዕረግ ተቀበለ። እዚህ ላይ ቆም ማለት ይገባል። አንድ ሰው የንጉሠ ነገሥቱ አማካሪና የፈቃዱ ባለቤት በአንድነት ሲሆን፣ የመንግሥቱና የኩባንያው ጥቅም በተለያየ ጊዜ ከማን ወገን ሊቆም ነው? ኢልግን ከሌሎች አውሮፓውያን ለይቶ የምኒልክ ታማኝ አድርጎ ማቅረብ የተለመደ ነው፤ መሠረትም አለው። ነገር ግን ታማኝነቱ ይህን ጥያቄ አይመልሰውም።

ጥያቄው በተግባር የተፈተነው በድሬዳዋ ነው። ሐረር ከባሕር ወለል በላይ 1900 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ትገኛለች፤ አንድ ሜትር ስፋት ባለው ሐዲድ ተራራውን ለመውጣት የሚጠይቀው ወጪ ከኩባንያው አቅም በላይ ነበር። ስለዚህ መስመሩ ከተራራው ግርጌ፣ 1200 ሜትር ገደማ ላይ እንዲያልፍ ተደረገ። እ.ኤ.አ. በ1902 መጨረሻ ሐዲዱ ሲደርስ በሥፍራው የቆመው ጣቢያ አዲስ ሐረር ተባለ፤ ስሙ ውሉ በስም ብቻ እንኳ እንዲፈጸም የተፈለገ ያስመስለዋል። ጣቢያው ከነጥገና ፋብሪካው ከተማ ወለደ። ከዚራ የሚባለው ሰፈር ቀጥ ቀጥ ባሉ፣ በማዕዘን በሚቋረጡ መንገዶቹ የኩባንያው የንድፍ ጠረጴዛ ሥራ መሆኑን ዛሬም ያሳያል። በጀጎል ግንብ ውስጥ ተጠማዘው ከሚሄዱት የሐረር መንገዶች ጋር ሲነጻጸር ልዩነቱ ያለ ማብራሪያ ይታያል።

ኩባንያው ግን በዚያው ዓመት በዕዳ ተይዞ ነበር። እ.ኤ.አ. በፌብሩዋሪ 1902 ከፈረንሳይ መንግሥት ጋር የድጎማ ስምምነት ሲፈራረም በመስመሩ ላይ ለዚያ መንግሥት የመቆጣጠር ሥልጣን ሰጠ። ምኒልክ ይህን ሲረዱ ባቡሩ በአገራቸው ውስጥ የባዕድ መንግሥት እጅ ሊሆን ነው ብለው ተቆጡ፤ ሥራው ከድሬዳዋ ወዲያ እንዳይቀጥልም ከለከሉ። የተራራውን ዳገት አስቀድሞ ያሰላው መሐንዲስ የገንዘቡን ዳገት አሳንሶ ገምቶት ነበር ማለት ይቻላል። እንግሊዝ፣ ፈረንሳይና ኢጣሊያ እ.ኤ.አ. በዲሴምበር 1906 በተፈራረሙት የሦስትዮሽ ውል ስለዚሁ መስመር እርስ በርሳቸው ሲደራደሩ ኢልግ ከአማካሪነቱ የሚሰናበትበት ጊዜ ደርሶ ነበር። ኩባንያው ከሰረ፤ እ.ኤ.አ. በ1908 ፈቃዱ ለሌላ የፈረንሳይ ኩባንያ ተላለፈ።

ኢልግ እ.ኤ.አ. በጃንዋሪ 1916 በዙሪክ ሞተ። ሐዲዱ በቀደመው ዓመት አቃቂ ደርሶ ነበር፤ አዲስ አበባ የገባው በ1917 ነው። ከጅቡቲ እስከ አዲስ አበባ 784 ኪሎ ሜትር መሆኑ ነው። የመጨረሻው ጣቢያ የቆመው እንጦጦ ላይ ሳይሆን ከከተማዋ በስተ ደቡብ፣ ከዳገቱ በታች ነው፤ እዚህም የቦታውን ምርጫ የወሰነው ተዳፋቱ ነው። እ.ኤ.አ. በ1929 የተመረቀው የለገሃር ሕንጻ ግራና ቀኙ የተመጣጠነ የፊት ገጽታ አለው፤ የፈረንሳይ አውራጃ ከተሞችን ጣቢያዎች ያስታውሳል። ሰፈሩም ስሙን የወሰደው ጣቢያ ከሚለው የፈረንሳይኛ ቃል ነው። በፊቱ የይሁዳ አንበሳ ሐውልት በ1930 ሲቆም፣ ኩባንያው የፈረንሳይ ቢሆንም አደባባዩ የንጉሠ ነገሥቱ መሆኑ ተነገረ።

ከጀሞ ብዙም በማይርቀው ለቡ የሚገኘው ጣቢያ እ.ኤ.አ. በኦክቶበር 2016 ሥራ የጀመረው የአዲሱ መስመር ነው። ሐዲዱ 1435 ሚሊ ሜትር ስፋት ያለው ሲሆን ባቡሩ በኤሌክትሪክ ይሄዳል። የዚህ መስመር መጨረሻ ሰበታ ነው፤ ሰበታ ደግሞ በጅማ መንገድ ላይ፣ ወደ ከፋ በሚወስደው አቅጣጫ ትገኛለች። ከ1894ቱ ውል ሦስተኛ ክፍል እስካሁን በሐዲድ የተሸፈነው ይህችው ጥቂት ኪሎ ሜትር ናት።