ጀርመንን ስለ መኝታ ቤት ያናገረችው አብራሪ

ቤያቴ ኡዜ ትባላለች። እ.ኤ.አ. በ1919 በምሥራቅ ፕሩሲያ ተወለደች። እናቷ በጀርመን ከመጀመሪያዎቹ ሴት ሐኪሞች አንዷ ስለነበሩ እነሱ ቤት ስለ ወሲብ ማውራት ነውር አልነበረም። የልጅቷ ልብ ግን ሰማይ ላይ ነበር፤ በ18 ዓመቷ የአብራሪነት ፈቃድ አወጣች። በጦርነቱም ለናዚ አየር ኃይል አውሮፕላን ታመላልስ ነበር። ባሏ በ1944 ሞተ። በ1945 በርሊን ልትወድቅ ስትል ሕፃን ልጇንና ሞግዚቱን ይዛ ከከተማዋ በረረች።

ከሽንፈቱ በኋላ ማብረር ቀረ። ፍሌንስቡርግ አካባቢ ቤት ለቤት እየዞረች ዕቃ መሸጥ ጀመረች። ነገሩ የተጀመረው እዚህ ጋ ነው። በየደጁ ያገኘቻቸው ሴቶች ጭንቀት አንድ ነበር። ባል ከግንባር ተመልሷል፤ ግን ቤት የለም፣ ምግብ የለም። በዚህ ላይ እርግዝና ቢመጣስ? ናዚዎች የወሊድ መከላከያን ስላገዱት የሚያስረዳቸው አልነበረም። ቤያቴ የእናቷን ትምህርት አስታውሳ፣ እርግዝና የማይፈጠርባቸውን ቀናት ማስላት የሚያስተምር ትንሽ ጽሑፍ አዘጋጀች። ከ30,000 በላይ ቅጂ ተቸበቸበ!

በ1951 ኮንዶምና መጻሕፍት በፖስታ የሚልክ ድርጅት አቋቋመች። በ1962 ደግሞ በዓለም የመጀመሪያው የሚባለውን የወሲብ ዕቃዎች መደብር ከፈተች። ስሙ ግን የጋብቻ ንጽህናን የሚጠቅስ ነበር፤ ያኔ ስለ ወሲብ በአደባባይ ማውራት የሚቻለው በትዳር ስም ብቻ ነበራ።

ደንበኛው ቢበዛም ከሳሽ አላጣችም። ወደ 2,000 የሚጠጉ ክሶችና ምርመራዎች ተከፍተውባታል። የከተማዋ ቴኒስ ክለብ እንኳ አባል አላደርግም አላት። ዕቃዋን በድብቅ የሚያዝ ሁሉ አብሯት ለመታየት ያፍር ነበር።

ሕጉም ቢሆን ቀስ እያለ ነው የመጣው። በምዕራብ ጀርመን ምንዝር እስከ 1969 ወንጀል ነበር። ሚስት የቤት ኃላፊነቷን ካስተጓጎለ ሥራ መያዝ አትችልም የሚለው ሕግ እስከ 1977 ቆየ። ባል ሚስቱን አስገድዶ ቢደፍር በአስገድዶ መድፈር መጠየቅ የጀመረው በ1997 ነው።

በ1975 የወሲብ ፊልም ሽያጭ ሲፈቀድ ድርጅቷ ይበልጥ ከበረ። ያኔ ደግሞ ተቃውሞው ከሴቶች መብት ተሟጋቾች መጣ፤ የሴትን ገላ ሸቀጥ አደረገች አሏት። መንግሥት ግን በ1989 ሜዳሊያ ሸለማት። በ2001 በ81 ዓመቷ ስዊዘርላንድ ውስጥ አረፈች።

ደጋፊም ነቃፊም ዛሬ ድረስ ይከራከሩባታል። መነሻዋ ግን የተራቡ እናቶች ጥያቄ ነበር፤ ሐኪሙም ቄሱም ያልመለሱላቸው ጥያቄ።