አስናቀች ወርቁ

ጀውሃም ሆነ ሸዋ ሮቢት፣ በትምህርት ቤታችሁ ቴአትር ሲዘጋጅ እናት ወይም ሙሽራ ሆና የምትጫወተው ሴት ተማሪ ናት። ይህ ተራ ነገር መስሎ ይታያችሁ ይሆናል። ጠላት በ1933 ዓ.ም. ድል ከተመታ በኋላ በነበሩት ዓመታት ግን ቀሚስ ለብሶ፣ ሻሽ አስሮ፣ ድምፁን አቅጥኖ ሴት የሚሆነው ወንድ ነበር። ትርዒቱ የኀዘን በሆነ ጊዜ ይህ ምን ያህል እንደሚያስቸግር እናንተው ገምቱ።

ምክንያቱ የችሎታ ማነስ አልነበረም። በሰው ፊት ቆማ የምትጫወት ሴት አዝማሪ ተብላ ትናቅ ስለ ነበር ነው። ይህን ንቀት እያወቁ ወደ መድረክ ከወጡት ከመጀመሪያዎቹ ሴቶች አንዷ የአዲስ አበባዋ ተወላጅ ወይዘሮ አስናቀች ወርቁ ናቸው።

በ1948 ዓ.ም. የንጉሠ ነገሥቱ ዘውድ 25ኛ ዓመት ሲከበር የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር፣ የዛሬው ብሔራዊ ቴአትር፣ ተከፈተ። ወይዘሮ አስናቀች በዚህ ቤት ለብዙ ዓመታት በተዋናይነትና በዘፋኝነት ሠሩ። መጋረጃው ሲከፈት ያጨበጨበላቸው ሁሉ ግን የገዛ ልጁን ለመድረክ ይፈቅድ ነበር ማለት አይደለም።

ክራራቸውንም አትርሱ። ክራር ስድስት አውታር ብቻ ያለው መሣሪያ ነው፤ እርሳቸው ግን በዚያ እየደረደሩ ግጥሙን እዚያው በዚያው ይፈጥሩት፣ ፍቅሩንና ወቀሳውንም በሰምና ወርቅ ያዋዙት ነበር። ኢትዮፒክስ በተባለው የሙዚቃ ተከታታይ እትም 16ኛው ቅጽ የእርሳቸው ሥራ ብቻ የተሰበሰበበት ነው። ወይዘሮ አስናቀች በመስከረም ወር 2004 ዓ.ም. ዐረፉ።