ከትል የተማረው ቅዱስ ያሬድ



በ6ኛው መቶ ዓመት በአክሱም የኖረው ቅዱስ ያሬድ፣ ገድሉ እንደሚነግረን፣ በልጅነቱ ትምህርት አልገባው አለ። መምህሩና አጎቱ አባ ጌዴዎን ቢገርፉት ኰብልሎ ከዛፍ ሥር ተጠለለ። በዚያም አንድ ትል ስድስት ጊዜ ወድቆ በሰባተኛው ዛፉን ሲወጣ አየና አልቅሶ ተመለሰ። በኋላም በግዕዝ፣ በዕዝልና በአራራይ ዜማ ድጓን ደረሰ። ሲዘምር ዐፄ ገብረ መስቀል በተመስጦ ጦራቸውን እግሩ ላይ ቢተክሉ አልተሰማውም። ንጉሡ ደንግጠው የወደደውን እንዲጠይቅ ቢፈቅዱለት፣ ሹመት ትቶ ወደ ሰሜን ለመመነን መሰናበትን ለመነ።

ድጓው ዛሬም በእኛው አገር፣ በጋይንት ቤተ ልሔም ይመሰከራል። እኛ ግን ዜማው አንድ ቀን ቢከብደን ከጉባኤው የምንቀር ስንቶች ነን? ስድስት ጊዜ ብንወድቅም ሰባተኛው ይቀረናልና እንመለስ።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።