ከእቴጌ ጣይቱ በፊት የነበሩት ወይዘሮ ባፈና

ስለ ቀደሙት ሴቶች ሲወራ እቴጌ ጣይቱን የማያነሣ የለም። ከሳቸው በፊት በሸዋ ቤተ መንግሥት ከዐሥር ዓመት በላይ የኖሩትን ወይዘሮ ባፈና ወልደ ሚካኤልን ግን የሚያነሣቸው ጥቂት ነው፤ የሚያነሣቸውም ከዳተኛ ብሎ ነው።

ምኒልክ የነጋሲ ዘር ናቸው፤ ቤቱ የተነሣው ከኛው ከመንዝ ነው። በ1857 ዓ.ም. ከመቅደላ ሲያመልጡ ሚስታቸውን፣ የአፄ ቴዎድሮስን ልጅ ወይዘሮ አልጣሽን፣ እዚያው ትተው ነው የመጡት። ስለ ክህደት ሲነገር ይህን ማንም አያስቀድምም፤ እኛ ግን ከዚህ ጀምረናል።

ባፈና ምኒልክን በዕድሜ ይበልጧቸው ነበር። ከቀድሞ ትዳራቸው ልጆች ነበሯቸው፤ ከምኒልክ ግን አልወለዱም፣ በቁርባንም አልተጋቡም። ልጅም ቃል ኪዳንም የሌላት ሴት፣ ባል ሌላ ያመጣ ቀን ምን ይተርፋታል? ከአባሎቻችን መካከል መልሱን የሚያውቁ አሉ፤ ጎጆውን ከባል ጋር አቁመው፣ ስማቸው በመሬት ደብተሩ ላይ ሳይሰፍር ባዶ እጃቸውን የወጡ።

በ1869 ዓ.ም. ምኒልክ ወደ በጌምድርና ጎጃም ሲዘምቱ፣ ባፈና የንጉሡን የአጎት ልጅ መሸሻ ሰይፉን ለአመፅ አነሣሡ። ልባቸው ግን ዙፋኑን ለገዛ ልጃቸው ማድረግ ነበር ይባላል። የነጋሲ ዘር ላልሆነ ልጅ! ድፍረታቸው ያስገርማል፤ ሂሳቡ ግን አያስኬድም። መሸሻ የሰይፉ ሣህለ ሥላሴ ልጅ ነው፤ ለዙፋኑ ራሱ ቅርብ የሆነ ሰው ለሌላ ሴት ልጅ ብሎ አይሞትም። ምኒልክ ዘመቻውን ትተው ተመለሱ፤ ሴራውም ከሸፈ።

በማግሥቱ ዓመት የአፄ ዮሐንስ ጦር ሸዋ ገባ፤ መጋቢት 1870 ዓ.ም. ምኒልክ ልቼ ላይ ገበሩ። ጦር ባለፈበት ሁሉ ጎተራው ይራቆታል፣ እንጀራ የምትጋግረው የገበሬው ሚስት ናት። ለባፈና ስናዝን እሷንም አንረሳም።

ምኒልክ ግን ባፈናን ይቅር ብለው መለሷቸው። ለምን? ከፍቅር ነው የሚሉ አሉ፤ እኛም ይህ ሐሰት አይመስለንም። ቢሆንም ትዳሩ አልጸናም። ሚያዝያ 1875 ዓ.ም. ምኒልክ አንኮበር መድኃኔ ዓለም ወይዘሮ ጣይቱ ብጡልን በቁርባን አገቡ። ጣይቱም ከምኒልክ አልወለዱም፤ ሆኖም ንጉሠ ነገሥቱ እስኪሞቱ ድረስ ሚስታቸው ሆነው ቆዩ።